እቴጌ ጣይቱ ብጡል፤ የአገራችን የመጀመሪያዪቱ ባለ ሆቴል

በዚህ የትምህርት ቤታችን የበዓል መጽሔት ውስጥ የታላላቅ ሰዎች ታሪክ እንዲጻፍ በተወሰነ ጊዜ፣ ከጓደኞቻችን አብዛኞቹ ጦር የመሩትን፣ መጽሐፍ የደረሱትንና አገር ያቀኑትን ሰዎች መረጡ። እኛም የመረጥናቸው እመቤት ጦር ያላሰለፉ፣ ከተማ ያልቈረቈሩ አይደሉም፤ ነገር ግን ስለ እርሳቸው ልንጽፍ የወደድነው ስለ ዐድዋ ሳይሆን ስለ ሆቴል ነው። እቴጌ ጣይቱ ብጡልን በስም የማያውቅ ተማሪ የለም፤ ፒያሳ ባለው ሆቴላቸው ደጃፍ ያለፈም ብዙ ነው። ይሁን እንጂ አንዲት የራስ ልጅ፣ ያውም የንጉሠ ነገሥት ባለቤት፣ በምን ምክንያት ምግብ በገንዘብ ሊያስሸጡ እንደ ተነሡ የጠየቀ ጥቂት ነው።

ይህን ጥያቄ እንድንጠይቅ ያደረገን አንድ ነገር አለ። የመጨረሻ ክፍል ተማሪዎች ስለ ሆን፣ ወደ ፊት ምን ሥራ እንደምንይዝ ሁልጊዜ እንጠየቃለን። ሐኪም፣ መሐንዲስ፣ ጠበቃ የሚል መልስ ሲሰጥ የሰማው ሁሉ ደስ ይለዋል። አንድ ጓደኛችን የሆቴል ሥራ መማር እንደሚፈልግ በተናገረ ዕለት ግን ክፍሉ በሳቅ ሞላ፤ ዕድሜውን ሙሉ ሳሕን ሲያመላልስ ሊኖር ነው እያሉ የቀለዱበትም ነበሩ። ልጁ ከዚያ ወዲያ ስለዚህ ነገር አንሥቶ አያውቅም። እንግዲህ የእቴጌ ጣይቱን ታሪክ የምንጽፈው ያ ሳቅ ገና በጆሯችን ሳለ ነው።

እቴጌ ጣይቱ በአሥራ ዘጠነኛው መቶ ዓመት አጋማሽ ገደማ፣ ሰሜንንና በጌምድርን ከያዙት ታላላቅ ቤተ ሰቦች ተወለዱ። አባታቸው ራስ ብጡል ኃይለ ማርያም ይባላሉ። ሰሜንንና ትግራይን ይገዙ የነበሩት ደጃዝማች ውቤ ኃይለ ማርያም ደግሞ የአባታቸው ወንድም ናቸው። ደጃዝማች ውቤ በ1847 ዓ.ም. ደረስጌ ላይ በደጃዝማች ካሣ፣ በኋላ ዐፄ ቴዎድሮስ በተባሉት፣ ድል ሲሆኑ የዚህ ቤተ ሰብ ኃይል ተሰበረ። ስለዚህ ጣይቱ ያደጉት የትልቅ ቤት ልጅ ሆነው፣ ግን ትልቅ ቤት እንዴት እንደሚወድቅ እየሰሙ ነው። በዚያን ዘመን ለሴት ልጅ ፊደል ማስቈጠር ያልተለመደ ሲሆን፣ እርሳቸው ንባብና ጽሕፈት ተምረዋል፤ ግዕዝም ያውቁ ነበር። በገና ይደረድራሉ፣ ሰንጠረዥ ይጫወታሉ። በመጀመሪያ ዕድሜያቸው ስለ ነበራቸው ትዳር ብዙ ይተረካል፤ እኛ ግን ከጉዳያችን ውጪ ስለ ሆነ እንለፈው።

በ1875 ዓ.ም. በትንሣኤ ሰሞን፣ አንኮበር በመድኃኔ ዓለም ቤተ ክርስቲያን፣ ጣይቱ ብጡልና የሸዋው ንጉሥ ምኒልክ በቊርባን ተጋቡ። ምኒልክ ጥቅምት 25 ቀን 1882 ዓ.ም. በእንጦጦ ማርያም ንጉሠ ነገሥት ተብለው ሲነግሡ፣ ጣይቱ ከሁለት ቀን በኋላ እቴጌ ተብለው ዘውድ ደፉ፤ ብርሃን ዘኢትዮጵያም ተባሉ።

አሁን ወደ ጉዳያችን እንግባ። የሆቴል ዲሬክተር ማለት ምን የሚሠራ ሰው ነው? ከየት እንደሚመጣ የማያውቀውን እንግዳ ብዛት ገምቶ እህል የሚያስፈጭ፣ ሥጋ የሚያሳርድ፣ መጠጥ የሚያስጥል፣ አልጋ የሚያስነጥፍ፤ እንግዳውን እንደ ማዕርጉ የሚያስቀምጥ፤ ወጥ ቤቱና አዳራሹ እንዳይጣሉ የሚያስማማ፤ ጎተራው ከመጉደሉ በፊት የሚያውቅ ሰው ነው። እንግዲህ በዚህ መለኪያ ብንለካ፣ እቴጌ ጣይቱ ሆቴላቸውን ከመክፈታቸው በፊት ከሃያ ዓመት የበለጠ የዚሁ ሥራ ልምድ ነበራቸው ማለት ነው። የቤተ መንግሥቱ የእንጀራ ቤት፣ የወጥ ቤትና የጠጅ ቤት ሥራ በእመቤቲቱ ዓይን ሥር የሚካሄድ ነበርና።

በቤተ መንግሥት ግብር ሲገባ የሚሆነውን ያልሰማ ሰው ስለማይኖር ባጭሩ እንግለጸው። ፈጪዎቹ ከብዙ ቀን በፊት እህሉን ይፈጫሉ፤ ውሃ ቀጂዎችና እንጨት ተሸካሚዎች ዳገቱን ይመላለሳሉ፤ ጠጅ ጣዮች ማሩን በርዘው፣ ጌሾውን ጥለው፣ ጋኑን ዘግተው ይጠብቃሉ። በግብሩ ቀን ንጉሠ ነገሥቱ ከታላላቆቹ መኳንንት ጋር ከመጋረጃ ውስጥ ይበላሉ። ከዚያ መጋረጃው ይገለጥና ሌላው ሹም እንደየማዕርጉ ይገባል፤ የሚገባው ወታደር ተራ በተራ እየተነሣ እየተተካ ሲበላ ይውላል። ብርንዶው በትከሻ በተያዘ እንጨት ላይ ተሰቅሎ በመደዳው መካከል ይዞራል፤ ከፍ ላሉት በብርሌ፣ ለሌላው በቀንድ ዋንጫ ጠጅ ይቀዳል። በሺህ የሚቈጠር ሰው በአንድ ቀን በልቶ ይወጣል። ማን ከማን በላይ እንደሚቀመጥ አንድ ጊዜ ቢሳሳት የሚያስቀይም፣ አንዳንዴም የሚያሸፍት ነገር ነበረ። በዛሬ ጊዜ የእንግዳ አቀባበል ትምህርት በኮሌጅ ይሰጣል፤ ያን አዳራሽ ግን የትኛው ኮሌጅ እንደሚያስተምር እንጃ።

እዚህ ላይ አንድ ቃል እንድናስተውል እንወዳለን። ግብር ማለት በቋንቋችን ሁለት ነገር ነው፤ ገበሬው ለመንግሥት የሚከፍለውም ግብር ነው፣ ንጉሡ ለሠራዊታቸው የሚያበሉትም ግብር ነው። በአንዱ በር ማርና ሰንጋ፣ ጤፍና ቅቤ ሆኖ የገባው፣ በሌላው በር ወጥና ጠጅ ሆኖ ይወጣል። ስለዚህ ከገበታው አጠገብ ሒሳብ የሚጠይቅ የለም። የበላው ሰው ወይ ቀድሞ በግብሩ ከፍሏል፣ ወይ በኋላ በጦሩ ይከፍላል። ሰው ያበላ ጌታ ነው፤ የበላም የጌታው ነው። በዚህ ሥርዓት ውስጥ ላደገ መኰንን፣ ምግብን በገንዘብ መግዛት ጌታ የሌለው መንገደኛ መሆን ነው። ምግብን በገንዘብ መሸጥ ደግሞ ከዚያ የባሰ ነው፤ እርሱ በጉልት ዳቦና ጠላ ይዘው ለሚቀመጡ ድሆች ሴቶች የተተወ ሥራ ነበረ።

እቴጌ ጣይቱ የዚህ ግብር አዋቂ መሆናቸው የታወቀው ገና የሸዋ ንጉሥ ባለቤት ሳሉ፣ በ1880 ዓ.ም. መጀመሪያ የእንጦጦ ማርያም ቤተ ክርስቲያን በተመረቀ ጊዜ ነው። ለብዙ ቀን የቈየውን ያንን ግብር ጸሐፌ ትእዛዝ ገብረ ሥላሴ በዳግማዊ ምኒልክ ታሪክ መጽሐፋቸው ውስጥ በዝርዝር መዝግበውታል። አንድ ጸሐፌ ትእዛዝ የጦርነትን ወሬ በሚጽፍበት ብዕር የወጡን ዓይነት መጻፉ የበዓሉን ታላቅነት ያስረዳል። ከዚያ በኋላ ግን ወዲያው የመጣው ክፉ ቀን ነው። ከ1880 እስከ 1884 ዓ.ም. ድረስ የከብት በሽታ የአገሩን በሬ ጨረሰው፤ ገበሬው የሚያርስበት አጣ፤ ረኃቡና ተስቦው ቤት ዘጋ። ንጉሠ ነገሥቱ ራሳቸው ዶማ ይዘው ቈፍረው ለሕዝቡ አርአያ እንደ ሆኑና ከመንግሥት ጎተራ ለችግረኞች እህል እንደ ተሰጠ ተጽፏል። ትልቁን ግብር ያሰናዱት እመቤት፣ ሰንጋ የማይገኝበትንም ዘመን ወጥ ቤት አስተዳድረዋል። ሁለቱም በአምስት ዓመት ውስጥ የሆነ ነው።

ስለ ውጫሌ ውልና ስለ ዐድዋ ዘመቻ ሌሎች ተማሪዎች በዚሁ መጽሔት ስለሚጽፉ እኛ አንደግመውም። አንድ ነገር ብቻ እንጨምር። በ1888 ዓ.ም. በመቀሌ እንዳ ኢየሱስ የመሸገውን የኢጣልያ ጦር የምንጩን ውሃ በመያዝ ያስጨነቁት እቴጌ ጣይቱ መሆናቸው የታወቀ ነው። የካቲት 23 ቀን በዐድዋም ሴቶቹን አሰልፈው ለተዋጊውና ለቈሰለው ውሃ እንዲቀርብ አድርገዋል። ሠራዊት ያለ ውሃና ያለ ስንቅ ምን እንደሚሆን ለማወቅ ወጥ ቤት ያስተዳደረ ሰው ይበልጣል ብለን እናስባለን፤ የማይስማማን ካለ በክርክር ክበባችን ቢሞግተን ደስ ይለናል።

አዲስ አበባን የቈረቈሩትም እርሳቸው ናቸው። በ1879 ዓ.ም. ምኒልክ ወደ ሐረር በዘመቱ ጊዜ ጣይቱ ከእንጦጦ ብርድ ወደ ፍል ውሃ ወርደው ቤት አሠሩ፤ ስሙንም አዲስ አበባ አሉት። ከዐድዋ ድል በኋላ ይህች ገና በድንኳንና በጎጆ የተሞላች ከተማ የዓለም እንግዳ ይጐርፍባት ጀመር። የፈረንሳይ፣ የእንግሊዝ፣ የሩስያና የኢጣልያ መንግሥታት መልክተኞቻቸውን አስቀመጡ፤ የአሜሪካና የጀርመን መልእክተኞች ተከትለው መጡ። ግሪኮች፣ አርመኖችና ህንዶች ሱቅ ከፈቱ። አዳኝ፣ ነጋዴ፣ መሐንዲስ፣ ሐኪም፣ ሥራ ፈላጊ ሁሉ መጣ።

ታዲያ ይህ ሁሉ ሰው የት ያድራል? በቀድሞው ልማድ ከውጭ አገር የመጣ የክብር እንግዳ የንጉሥ እንግዳ ነው። ማረፊያ ይሰጠዋል፤ ድርጎም ይታዘዝለታል። ድርጎ ማለት በየቀኑ የሚላክ በግ፣ እንጀራ፣ ማር፣ ጠጅ፣ ለበቅሎውም ገብስ ነው። ይህ ለአንድ መልክተኛ ወይም ለዐሥር ሰው የሚያምር የእንግዳ አቀባበል ነው፤ ለመቶዎች ግን አይቻልም። ደግሞም ድርጎ የሚበላ እንግዳ ነጻ አይደለም። እስኪሰናበት ድረስ በባለቤቱ እጅ ነው፤ ያለ ፈቃድ መጥቶ ያለ ፈቃድ መሄድ አይሆንለትም። ማንም ሳይጠራው ለንግድ የመጣ፣ ወጪውን ራሱ ሊችል የሚፈልግ ሰው በዚህ ሥርዓት ውስጥ ቦታ አልነበረውም። በድንኳኑ ውስጥ ማደር ወይም የአገሩን ሰው ቤት ማጨናነቅ ነበረበት።

እኛ የአቃቂ ልጆች ይህን ነገር በመንገዱ በኩል ልናስበው እንችላለን። የምድር ባቡሩ ከጅቡቲ ተነሥቶ ድሬ ዳዋ የደረሰው በ1895 ዓ.ም. ነው፤ ከዚያም ብዙ ዓመት ቆመ። ስለዚህ ወደ አዲስ አበባ የሚመጣው እንግዳ ከድሬ ዳዋ በኋላ በበቅሎ በረሓውን አቋርጦ፣ አዋሽን ተሻግሮ፣ ደጋውን ወጥቶ መምጣት ነበረበት። ለሳምንታት ድንኳን ሲተክልና ሲነቅል፣ ከሽፍታና ከወባ ሲጠነቀቅ የሰነበተ መንገደኛ ከተማ ሲደርስ የሚመኘው ብዙ አይደለም፤ የሞቀ ውሃ፣ ንጹሕ አልጋ፣ በሩ የሚዘጋ ክፍል ነው።

እቴጌ ጣይቱ ይህን አይተው በ1898 ዓ.ም. ከአራዳ ገበያና ከቅዱስ ጊዮርጊስ ቤተ ክርስቲያን ብዙ ሳይርቅ፣ በኢትዮጵያ የመጀመሪያ የሚባለውን ሆቴል አሠሩ። ቤቱ ፎቅ ነው፤ ወለሉና ደረጃው እንጨት፣ በረንዳው ሰፊ ነው። የቤቱን ንድፍ የሠሩት ሚናስ ኸርቤክያን የሚባሉ አርመናዊ መሐንዲስ እንደ ሆኑ ይነገራል። ሆቴሉም በባለቤቲቱ ማዕርግ እቴጌ ሆቴል ተባለ። አንድ ባለ ሥልጣን ሥራው የሚያሳፍረው ቢሆን ኖሮ በሌላ ሰው ስም ያስነግድ ነበር፤ እርሳቸው ግን ዘውድ የደፉበትን ስም በደጃፉ ላይ አደረጉ።

ቤቱ ተሠራ፤ ገበታውም ተሰናዳ፤ ሰው ግን አልመጣም። ፈረንጆቹ መጡ እንጂ የአገሩ መኰንንና ባላባት ከደጃፉ ፈቀቅ አለ። የሚያስፈራው የምግቡ ዓይነት ብቻ አልነበረም፤ ከበሉ በኋላ የሚመጣው ሒሳብ ነው። በሰው ፊት ከመቀነት ብር ፈትቶ ለበሉበት መክፈል የሚያዋርድ መስሎ ታየ። ታሪክ ነጋሪዎች እንደሚሉት ይህን ነገር የፈቱት ንጉሠ ነገሥቱ ናቸው። ዐፄ ምኒልክ መኳንንቱን አስከትለው ወደ ባለቤታቸው ሆቴል ሄዱ፤ ከገበታው ተቀምጠው በሉ፤ ሲነሡም እንደ ማንኛውም እንግዳ የበሉበትን ሒሳብ ከፈሉ። ሌሎችም እንዲሁ ያደርጉ ዘንድ መከሩ። ንጉሥ የከፈሉበትን ገበታ ማን ሊንቀው ይችላል? ከዚያ ወዲያ ባላባቱም ቀስ በቀስ ይለምድ ጀመር።

እስቲ ይህን ነገር በዓይነ ልቡናችን እናስበው። የአገሩ ጎተራ ሁሉ የእርሳቸው የሆነ ንጉሠ ነገሥት፣ የራሳቸው ባለቤት ላሠሩት ወጥ የራሳቸው መልክ ያለበትን ብር ይቈጥራሉ። ነገሩ ጨዋታ ይመስላል። ግን በዚያ አንድ ምሳ ላይ ገበታው ከጌትነት ተለየ። ከዚያ በፊት ሰው የበላው የጌታው ሰው ስለ ሆነ ነበረ፤ አሁን ግን ገንዘብ ያለው ማንም ሰው፣ ፈረንጅም ይሁን ሐበሻ፣ ባላባትም ይሁን ነጋዴ፣ በልቶ ከፍሎ የማንም ሳይሆን ይወጣል። በዚህ ትልቅ ለውጥ ውስጥ አንድም ጥይት አልተተኰሰም።

አንዳንድ ሰዎች እቴጌይቱ ገንዘብ ወዳድ ስለ ነበሩ ሆቴል ከፈቱ ይላሉ። እኛ በዚህ አንከራከርም፤ ማትረፍ ፈልገውም ሊሆን ይችላል። ነገር ግን ባላባት ትርፍ የሚያገኝበት ቀላል መንገድ በዚያ ዘመን ሞልቶ ነበር። ርስት አለ፣ ግብር አለ፣ የኬላ ቀረጥ አለ። ከዚህ ሁሉ ይልቅ እንግዳ አሳድሮ፣ አብልቶ፣ ወጪንና ገቢን አመዛዝኖ ማትረፍን መምረጥ የስግብግብነት ሳይሆን የሠራተኝነት ምልክት ነው። በሚሲዮን ትምህርት ቤት ያደግን ስለ ሆን አንድ ምሳሌ እዚህ ላይ ትዝ ይለናል። በሉቃስ ወንጌል ውስጥ ደጉ ሳምራዊ የተደበደበውን ሰው በራሱ አህያ ጭኖ የወሰደው ወደ እንግዶች ማደሪያ ነው፤ ለቤቱ ጠባቂም ሁለት ዲናር ከፍሏል፤ ሌላ ወጪ ቢኖር በመመለሻው ሊከፍል ተስማምቷል። ስለ ሳምራዊው ብዙ ስብከት ሰምተናል። ስለዚያ ባለ ማደሪያ ግን አንድም ቀን ሲሰበክ አልሰማንም፤ ሳምራዊው በማግስቱ ከሄደ በኋላ ቈስሎ የመጣውን ሰው ያስታመመው ግን እርሱ መሆን አለበት።

ሆቴሉ ብቻውን የቆመ ሥራ አልነበረም። የአቢሲንያ ባንክ ሥራ የጀመረው በዚያው በ1898 ዓ.ም. ነው። በ1900 ዓ.ም. ሚኒስትሮች ተሾሙ፤ በዚሁ ዓመት የመጀመሪያው አውቶሞቢል አዲስ አበባ ገባ። በ1901 ዓ.ም. የዳግማዊ ምኒልክ ትምህርት ቤት ተከፈተ። ለጉዳያችን ከሁሉ የሚቀርበው ግን በ1900 ዓ.ም. የታወጀው አዋጅ ነው። ዐፄ ምኒልክ በዚህ አዋጅ ብረት የሚቀጠቅጠውን፣ ሸማ የሚሠራውን፣ ቆዳ የሚፍቀውንና የመሳሰለውን የእጅ ሠራተኛ የሚሰድብ ሰው እንደሚቀጣ አስታወቁ። አዋጁ የወጣው ስድቡ ስለ ነበረ ነው። ንጉሡ በአዋጅ የተናገሩትን እቴጌይቱ በሆቴላቸው ሠርተው አሳይተዋል ብንል ማጋነን አይሆንብንም።

በዚያው ዘመን በአውሮፓ ሴዛር ሪትስ የሚባል አንድ የስዊስ ሰው ነበረ። በ1850 በፈረንጅ አቈጣጠር ከገበሬ ቤተ ሰብ የተወለደ፣ ዐሥራ ሦስተኛ ልጅ ነው። ከአሳላፊነት ተነሥቶ በለንደን የሳቮይ ሆቴል ዲሬክተር እስከ መሆን ደረሰ። በ1898 በፓሪስ በራሱ ስም የሚጠራ ሆቴል ከፈተ፤ የለንደኑ ሪትስ የተከፈተው በ1906 ነው። ይህ በእኛ አቈጣጠር 1898 ዓ.ም. መሆኑን ስናሰላ ተገርመናል፤ የለንደኑ ሪትስና የአራዳው እቴጌ ሆቴል የአንድ ዓመት ልጆች ናቸው። ሪትስ ከታች ተነሥቶ ነገሥታትን በማስተናገድ ከበረ። እቴጌ ጣይቱ ግን ከላይ ሆነው ሳሉ ወደዚህ ሥራ የመጡ ናቸው፤ ክብር ሊያገኙበት ሳይሆን ክብራቸውን ሊያውሱት። የሁለቱም መጨረሻ አሳዛኝ ነው። ሪትስ በ1902 መንፈሱ ታውኮ ከሥራው ቀስ በቀስ ተለየ፤ ታሞ ኖሮ በ1918 አረፈ።

በእቴጌ ጣይቱ ላይ የደረሰው ደግሞ እንዲህ ነው። ዐፄ ምኒልክ በደዌ ተይዘው አካላቸው እየደከመ ሄደ፤ በ1902 ዓ.ም. መጀመሪያ የያዛቸው ሕመም ንግግራቸውን ወሰደው። መንግሥቱን በእውነት የሚመሩት እቴጌይቱ ሆኑ፤ ሹመትና ሽረቱም በእርሳቸው እጅ ገባ። የሸዋ መኳንንት እቴጌይቱ የጎንደርና የየጁ ዘመዶቻቸውን ያበልጣሉ ብለው አማረሩ። በዚህ ነገር መኳንንቱ ፈጽሞ ተሳስተዋል ብለን አንከራከርም፤ ዘመድ መሾምና በጋብቻ ቤትን ከቤት ማሰር የዘመኑ ሁሉ ፖለቲካ ነበረና እርሳቸውም ሠርተውበታል። በመጋቢት 1902 ዓ.ም. መኳንንቱ ከጳጳሱ ከአቡነ ማቴዎስ ጋር ተማክረው ከመንግሥት ሥራ እንዲወጡና ባለቤታቸውን ብቻ እንዲያስታምሙ ፈረዱባቸው። ከሦስት ዓመት በላይ አስታመሙ። ዐፄ ምኒልክ ታኅሣሥ 3 ቀን 1906 ዓ.ም. ዐረፉ፤ እቴጌይቱም ከቤተ መንግሥቱ ወጥተው ወደ እንጦጦ ማርያም ሄዱ። ያን ታላቅ ግብር ያሰናዱበት ደብር አሁን መጠጊያቸው ሆነ።

ሆቴሉ ግን ከባለቤቱ ዕድል ተለይቶ ኖረ። ስሙ እንደ ዘመኑ ተለዋወጠ፤ ኢምፔሪያል የተባለበትም ጊዜ ነበር። በ1928 ዓ.ም. ኢጣልያ አገራችንን ስትወር ለወሬ ከየአገሩ የመጡት ጋዜጠኞች ክፍሎቹን አጨናነቁት። ከአንዱ እጅ ወደ ሌላው እጅ ዞረ፤ በኋላም ጣይቱ ሆቴል በሚለው ስም ጸና። ጥር 3 ቀን 2007 ዓ.ም. የተነሣው እሳት ክፉኛ አቃጥሎት፣ ጃዝ አምባ የሚባለው የሙዚቃ አዳራሽ ወደመ፤ ሆቴሉ ግን ታድሶ እንደ ገና ለእንግዳ ተከፈተ።

የባቡሩ ነገር ይቀረናል። ሐዲዱ ወደ እኛ ወደ አቃቂ የደረሰው በ1915 በፈረንጅ አቈጣጠር ነው፤ አዲስ አበባ የገባውም በ1909 ዓ.ም. መጨረሻ ገደማ ነው። ከባሕር ዳርቻ ተነሥቶ ድንኳን ሳይተክል፣ በቅሎ ሳይከራይ፣ ጫማው አቧራ ሳይነካው የሚደርስ እንግዳ፣ አንድ የሆቴል ባለቤት ዕድሜ ልኩን የሚመኘው ዓይነት እንግዳ፣ መምጣት የጀመረው ያን ጊዜ ነው። የባቡሩ ጭስ በዚህ በአቃቂ ሜዳ ሲታይ እቴጌ ጣይቱ በእንጦጦ ተራራ ላይ፣ በጸሎትና በትዝታ፣ ጥቂት አገልጋዮች ይዘው ነበሩ። የእንጀራ ልጃቸው ዘውዲቱ በ1909 ዓ.ም. ንግሥተ ነገሥታት ሆነው ዘውድ ሲደፉም እርሳቸው ወደ ቤተ መንግሥቱ አልተመለሱም። ወደ ትውልድ አገራቸው ወደ ጎንደር ሊሄዱ ቢጠይቁ አልተፈቀደላቸውም።

የካቲት 4 ቀን 1910 ዓ.ም. እዚያው በእንጦጦ ዐረፉ፤ በእንጦጦ ማርያምም ተቀበሩ። ከዓመታት በኋላ ዐፅማቸው ወደ ታእካ ነገሥት በዓታ ለማርያም ተዛውሮ ከዐፄ ምኒልክ አጠገብ ዐረፈ።